ፔዳ በር አካባቢ ያለችው ኮፒ ቤት (ቸኩላችሁ ከሆነ አትሂዱ)

ባህር ዳር ውስጥ ታይፕ የሚያደርግላችሁ ሰው ለምትፈልጉ ነው ይሄን የምጽፈው፣ በተለይ ቲያትር ግጥም ምናምን ለምትሞክሩ። የቤቷን ስም አልጠራም፣ ለነገሩ ታፔላዋን ፀሐይ በልቶት ግማሹ አይነበብም፣ ግን ከዩኒቨርሲቲው ፔዳ ግቢ በር ወጥታችሁ ትንሽ ሄድ እንዳላችሁ ሰማያዊ የቆርቆሮ በር ያላት፣ ሁልጊዜ ሁለት ሦስት ተማሪ አሳይመንቱን ይዞ የሚቆምባት እሷ ናት። ውስጧ ሁለት ኮምፒውተር፣ አንድ ያረጀ ኮፒ ማሽን፣ አንድ ፕሪንተር፣ አንድ መጠረዣ። ባለቤቷ ትልቅ ሴት ናቸው፣ ሰው ሁሉ እትዬ ነው የሚላቸው፣ ታይፑን የምትሰራው ደሞ ሃያ ምናምን ዓመት የሚሆናት ልጅ ናት። ከ5 ኮከብ 4 ሰጥቻቸዋለሁ፣ አንዷን ለምን እንደያዝኩባቸው እደርስበታለሁ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ስድስት ጓደኛሞች ነን፣ እሁድ እሁድ ሐይቁ ዳር አንድ ግቢ ውስጥ ተቀምጠን ቲያትር እናነባለን፣ መድረክ የለ አልባሳት የለ፣ ክፍል ተከፋፍሎ ቁጭ ብሎ ማንበብ ነው። ሼክስፒርን ትምህርት ቤት እስኪያንገሸግሸን ስለጋቱን ዘንድሮ እስቲ በሱ ዘመን ሌላው አገር ምን ይሰራ ነበር ብለን ስፔን ገባን። ስፔኖቹ ያንን ጊዜ ወርቃማው ዘመን ነው የሚሉት፣ ሴርቫንቴስ ዶን ኪሆቴን የጻፈበት፣ ሎፔ ዴ ቬጋ የሚባለው ሰውዬ ደሞ ቲያትር እንደ ጉድ የሚያመርትበት ጊዜ ነው። ሎፔ ራሱ 1,500 ቲያትር ጽፌያለሁ ይል ነበር፣ ጉራውን ቀንሰን እንኳ በመቶ የሚቆጠር ሥራው እስከዛሬ አለ። (ዓመተ ምህረቱን ሁሉ በፈረንጅ ነው የምጽፈው፣ እትዬም ጠይቀውኛል።)

ከመሃላችን አንዷ የጎርጎራ ልጅ ስለሆነች ስፔን ሲባል መጀመሪያ የመጣላት ፔድሮ ፓኤዝ የሚባለው የካቶሊክ ሚስዮናዊ ነው፣ እነሱ ሰፈር «የፖርቹጋሎች ፍርስራሽ» ሲባል እየሰማች ያደገች ልጅ ሰውዬው ስፔናዊ መሆኑን ስታውቅ ገርሟት ነበር። አስቡት እስቲ፣ ሎፔ በ1562 ተወለደ፣ ፓኤዝ በ1564። ሴርቫንቴስ አልጀርስ ውስጥ 5 ዓመት በምርኮ ተቀምጧል፣ ፓኤዝ ደሞ ወደኛ ሲመጣ መንገድ ላይ ተይዞ የመን ውስጥ 7 ዓመት ገደማ። ዶን ኪሆቴ በ1605 ሲወጣ ፓኤዝ እዚህ ከገባ ሁለት ዓመቱ ነበር፣ በ1622 የሞተውም እዛው ጎርጎራ ነው። ደሞ በ1610 ኡሬታ የሚባል የቫሌንሲያ መነኩሴ ኢትዮጵያን በእግሩ ሳይረግጥ ስለ ኢትዮጵያ ትልቅ መጽሐፍ አሳትሞ ነበር፣ ያልተባለ ተረት የለም፣ ፓኤዝ እሱን ለማስተባበል ነው እዚሁ አገራችን ሆኖ በፖርቹጋልኛ ወፍራም መጽሐፍ የጻፈው። ዶን ኪሆቴ የሚያነበው ዓይነት ተረት የሞላበት መጽሐፍ እዛ ይታተማል፣ እዚህ ጣና ዳር አንዱ ቁጭ ብሎ «ኧረ ውሸት ነው» ይላል። ይሄ ብቻውን ቲያትር ይወጣዋል፣ ብቻ ወደ ኮፒ ቤቷ ልመለስ።

የመረጥነው የሎፔን «ፉዌንቴኦቬሁና» ነው። ኮርዶባ ክፍለ ሀገር ያለች የእውነት ከተማ ናት፣ ታሪኩም መነሻው የእውነት ነው፣ በ1476 ካላትራቫ የሚባለው የፈረሰኛ መነኮሳት ማህበር ሹም የነበረው ኮሜንዳዶር ሕዝቡን አስመርሮ ሕዝቡ ተነስቶ ገደለው። ከዛ ዳኛ ተልኮ መጣ፣ ማን ገደለው እያለ ሽማግሌ ሕፃን ሳይል ቢያሰቃይ መልሱ አንድ ነው፣ ፉዌንቴኦቬሁና። ከተማው ገደለው። ቲያትሩ ላይ ዳኛው 300 ሰው አሰቃይቼ አንድ ቃል አላገኘሁም ብሎ ለነገሥታቱ ሪፖርት ያደርጋል። እኛ ከእንግሊዝኛው እየተረጎምን፣ አንዱ ጓደኛችን ደሞ በስልክ አፕ የተማራትን ስፓኒሽ ይዞ ከዋናው ጋ እያመሳከረ፣ በአራት ሰው የእጅ ጽሑፍ የተሞላ ሁለት ደብተር ወጣን።

ደብተሩን ለእትዬ ስሰጣቸው መነጽራቸውን አድርገው ገለጥ ገለጥ አደረጉና «ልጄ፣ ይሄ የመድኃኒት ማዘዣ ነው እንዴ?» አሉኝ። ዋጋው ግድግዳ ላይ ተለጥፏል፣ ታይፕ በገጽ 35 ብር፣ ኮፒ 4 ብር፣ ጥረዛ 70። ሲያልቅ 61 ገጽ መጣ፣ በስድስት ኮፒ፣ ደምሩት 4,019 ብር ነው፣ እትዬ «19ኟን ተዋት» አሉ። ውድ ነው የምትሉ ካላችሁ ዶን ኪሆቴንም በወረቀት ቆጥረው ነበር የሸጡት እላችኋለሁ። የዛን ጊዜ መጽሐፍ ዋጋውን የሚቆርጠው የንጉሡ ምክር ቤት ነው፣ የቆረጠውም መጽሐፉ ፊት ላይ ይታተማል፣ ዶን ኪሆቴ 83 ታጣፊ ወረቀት ነው (አንዱ ትልቅ ወረቀት ሲታጠፍ 8 ገጽ ይወጣዋል)፣ አንዱ ወረቀት በ3 ማራቬዲ (የስፔን ሳንቲም ነው) ተኩል፣ ጠቅላላ 290 ማራቬዲ ተኩል ይላል። ተኩሏን ሳትቀር! ደሞ ይሄ ሳይጠረዝ ነው፣ ጥረዛው የገዢው ጣጣ ነበር። እትዬ 19 ብር ምረውኛል፣ የንጉሡ ምክር ቤት ግማሽ ማራቬዲ አልማረም።

አሁን ዋናው ነገር፣ ታይፒስቷ። እስከዛሬ ታይፕ ያስደረግኩባቸው ቤቶች ልጆቹ ጣታቸው ነው እንጂ ዓይናቸው አይሰራም፣ የጻፍከውን ስህተት ከነስህተቱ፣ የሰረዝከውን ከነስርዙ ይመልሱልሃል። ይቺ ልጅ ታነባለች። በሁለተኛው ቀን ደወለችልኝ፣ የስም ጥያቄ መስሎኝ አነሳሁት፣ «ቲቸር፣ ፍሮንዶሶ ያንን ሹም ቀስቱን ቀምቶ ደግኖበት ለምን ሳይተኩስበት ለቀቀው?» አለችኝ። ይሄ የመጀመሪያው ክፍል መጨረሻ ላይ ነው፣ ሹሙ ላውሬንሲያ የምትባለውን ልጅ ሊደፍራት ሲል የሚወዳት ፍሮንዶሶ ቀስቱን አንስቶ የሚያስጥላት። ልመልስላት ስል «አይ አይ ይቅር፣ እንዳይነግሩኝ፣ ነገ እደርስበታለሁ» ብላ ዘጋችው። እኔ ክፍል ውስጥ ተማሪዎቼን እንዲህ ያስጠየቅኩበት ቀን ትዝ አይለኝም።

ችግሩ የመጀመሪያዎቹን 10 ገጾች ሳያቸው ግጥሙ የለም። ስንኙን ሁሉ አያይዛ እንደ ደብዳቤ አንቀጽ አድርጋዋለች። ምነው ስላት «ወረቀት እንዳይበዛብዎት ብዬ ነው፣ እንደሱ እየተቆረጠ ሲጻፍ ግማሹ ባዶ ነው የሚሆነው» አለች። በገጽ ለሚከፈለው ሰው ይሄን የሚያስብ ነጋዴ የት ይገኛል፣ ለመቆጣት እንኳ አልተመቸችኝም። ቁጭ ብዬ አስረዳኋት። የስፔኖቹ ቲያትር በግጥም ነው፣ አብዛኛው ስንኝ 8 ቀለም ነው፣ እኛ ስንተረጉመው ከቡሄ በሉ ቤት የተሻለ አላገኘንም፣ አራት አራት ሆኖ ስምንት ይመጣል። ላውሬንሲያ የሸንጎ ወንዶቹን የምትሰድብበትን ቦታ አነበብኩላት፣

እንዝርት አንሱ ጥጥ ፍተሉ
በጎች ናቹ በግ ምሰሉ

ልጅቷ በእስክሪብቶዋ ጠረጴዛውን መታ መታ አደረገችና «ሆያ ሆዬ ነዋ!» አለች፣ ከዛ ወዲያ ማስረዳት አላስፈለገም፣ 10ሩንም ገጽ በነፃ እንደገና ታይፕ አደረገችው። (የበጉ ነገር ከከተማው ስም ነው የመጣው፣ ኦቬሁና የበግ ማለት ስለሆነ ሎፔ በስሙ ተጫውቶባቸዋል፣ ድሮ ግን ስሙ ከንብ ነው የመጣ የሚሉም አሉ፣ እሱ ቢሆን ለጎጃም ሰው ይቀርብ ነበር።) ሎፔ በ1609 ስለ ቲያትር አጻጻፍ በጻፈው ግጥም ለየትኛው ነገር የትኛው ቤት እንደሚሆን ሳይቀር ይመክራል፣ እሮሮ ሲሆን ይሄኛው፣ ሰው ሲጠብቅ ሶኔት፣ ፍቅር ሲሆን ያኛው እያለ፣ እዛው ላይ ደሞ ቲያትር ስጽፍ የጥንቶቹን ደንብ በስድስት ቁልፍ እቆልፍበታለሁ ይላል፣ ሕዝቡ ነው የሚከፍለኝ ሕዝቡ የሚወደውን እሰጠዋለሁ ነው ነገሩ። እኛ ሁሉንም ቤት መጠበቅ አልቻልንም፣ ረጅም ረጅሙን ንግግር በወል ቤት አድርገን ተገላገልን።

እትዬ ደሞ ከኮፒ ማሽኑ ጀርባ ሆነው ሁሉንም ይሰማሉ። «ሹሙን ገደሉት» የሚለው ጆሯቸው ሲገባ ሥራቸውን አቁመው መጡ።
«ልጄ፣ ይሄ ነገር ፖለቲካ አለው እንዴ? እኔ ልጆች አሉኝ።»
«ኧረ እትዬ፣ የ1476 ነገር ነው።»
«በኛ ነው በነሱ?»
«በነሱ።»
ትንሽ አሰቡና «እንግዲያው ምንም አይደል» ብለው ወደ ማሽናቸው ሄዱ። በሚቀጥለው ቀን ግን ልጅቷን «ያ ሰውዬ ተገኘበት እንዴ?» ብለው ሲጠይቋት በጆሮዬ ሰምቻለሁ።

ለዚህ ቤት አራት ኮከብ የሰጠሁበት እውነተኛው ምክንያት ግን አንዲት ቃል ናት። በስቃዩ ትዕይንት መጨረሻ ላይ የሚጠየቀው ሜንጎ ነው፣ ወፍራም፣ ቀልደኛ፣ ፈሪ የሚመስል ሰው፣ አስቀድሞም አንዲት ልጅ አላስነካም ብሎ በኮሜንዳዶሩ ሰዎች የተገረፈ ነው። ተመልካቹ ይሄ አሁን ያወጣዋል ብሎ ነው የሚጠብቀው። ዳኛው ማን ገደለው ሲለው፣ እናገራለሁ እናገራለሁ ካለ በኋላ «ፉዌንቴኦቬሁኒካ» ይላል። ያቺ «ኒካ» ማሳነሻ ናት፣ ማቆላመጫ፣ ሲያምህ የእናትህን ስም እንደመጥራት ያለች ነገር። እኛ ሁለት እሁድ ተከራክረን «ትንሿ ፉዌንቴኦቬሁና» ብለን ነበር የጻፍነው፣ ድርቅ ያለች ነገር፣ እኛም አልወደድናትም ግን ደክሞን ነበር። ልጅቷ እዛ ስትደርስ አቆመች። «ቲቸር ይሄ ሰውዬ እየቆረጡት ነው አይደል? ትንሿ አይልም እኮ።» «እና ምን ይላል?» «ፉዌንቴዬ ነዋ የሚለው።»

ፉዌንቴዬ። በቃ። እናትዬ፣ ሆድዬ፣ ጎንደርዬ እንደምንለው። ስድስት ሰው፣ ሁለቱ ዲግሪ በሥነ ጽሑፍ ያለው፣ ያላገኘውን 35 ብር በገጽ የምትከፈል ልጅ አገኘችው። ደብተሩ ላይ በቀይ እስክሪብቶ ራሷ አስተካክላ ጻፈችው፣ እኔ ዝም አልኩ።

እሺ አሁን የተያዘችው ኮከብ። አንደኛ፣ በፓወር ግዕዝ ነው የሚሰሩት። በፍላሽ ወስጄ ቤት ስከፍተው ላውሬንሲያ ሁላ የፈረንጅ ፊደልና የመቶኛ ምልክት ሆና ጠበቀችኝ፣ ፎንቱ የኔ ኮምፒውተር ላይ ስለሌለ ማለት ነው። በዩኒኮድ አድርጉልኝ ብላችሁ ቀድማችሁ ንገሯቸው፣ ከተባሉ ይሰራሉ፣ ካልተባሉ አይሰሩም። ሁለተኛ፣ መብራት ከጠፋ ጄኔሬተር የለም፣ እትዬ ውጭ ወንበር አውጥተው ቡና ያፈላሉ፣ ቡናው ጥሩ ነው ግን ሥራው ሦስት ቀን የተባለው ዘጠኝ ቀን ፈጅቷል። ሦስተኛው የጥረዛው ነው፣ ይሄኛው ነው ያናደደኝ። ከስድስቱ ኮፒ ሁለቱ ሦስተኛው ክፍል ከሁለተኛው በፊት ተጠርዟል። ስለዚህ ኮሜንዳዶሩ ሦስተኛው ክፍል ላይ ይገደላል፣ ጭንቅላቱ በጦር ይሰቀላል፣ ከዛ ገጽ ስትገልጡ ሁለተኛው ክፍል ላይ ደህና ሆኖ መጥቶ የላውሬንሲያን ሠርግ ይረብሻል።

ሴርቫንቴስም ይሄው ደርሶበታል። የዶን ኪሆቴ የመጀመሪያው እትም ማድሪድ ሁዋን ዴ ላ ኩዌስታ በሚባለው ማተሚያ ቤት በጥድፊያ ነበር የታተመው፣ ሽፋኑ 1605 ይላል እንጂ ሕትመቱ ያለቀው 1604 መጨረሻ ላይ ነው፣ እና የዶን ኪሆቴ አሽከር የሳንቾ አህያ መሃል ላይ ትጠፋለች፣ ተሰረቀች ይባላል ግን ማን መቼ እንደሰረቃት የለም፣ ቆይታ ደሞ ምንም እንዳልተፈጠረ ተመልሳ ትመጣለች። የሚገርመው መጽሐፉ ፊት ላይ ከዋናው ጋ ተመሳክሯል የሚል የአራሚ ፊርማ አለበት። አንባቢው ሲስቅበት በ1615 ሁለተኛውን ክፍል ሲያወጣ ሳንቾን ራሱን ስለ አህያዋ አስጠየቀው፣ ሳንቾም ወይ ታሪክ ጸሐፊው ተሳስቷል ወይ የአታሚው ግድየለሽነት ነው ብሎ አለፈ። ይሄን ለእትዬ ስነግራቸው «ታዲያ ያ ትልቅ ሰው ዝም ካለ አንተ ምን ሆነህ ትጮሃለህ» አሉኝና ሁለቱን ኮፒ በነፃ ጠረዙልኝ ግን ከእሁዱ በኋላ ነው፣ እሁድን አላዳነንም።

እሁድ ዕለት እትዬንም ልጅቷንም ጋብዘን መጡ። ግቢው ሐይቁን ያያል፣ ደንገሉ ጋ ታንኳ ታስሯል፣ ብርዝ ተቀድቶ ነበር (ማድሪድ ውስጥ በ1579 የተከፈተው የላ ክሩስ ቲያትር እና በ1583 የተከፈተው የፕሪንሲፔው በቤቶች መሃል ያለ ግቢ ነበሩ፣ እዛም ለተመልካች የሚሸጡት መጠጥ ማርና ቅመም በውሃ ነው፣ አሎሃ ይሉታል፣ ብርዝ በሉት)። እዛ ወንዱ ግቢው መሃል ቆሞ ያያል፣ ሴቶቹ ደሞ ፊት ለፊት ከፍ ብሎ ባለ ሰገነት ለብቻቸው ይታጨቃሉ፣ የሰገነቱን ስም ካዙዌላ ይሉታል፣ ድስት እንደማለት። እኛም ሳናስበው እትዬና ልጅቷ ከጎርጎራዋ ጓደኛችን እናት ጋ ከኋላ አንድ ጥግ ተደርድረው ጉርጉርታቸው አልቆመም፣ እነሱን ድስት ብዬ ብጠራቸው ግን አንድ ኮፒ ዳግም አይሰሩልኝም።

ኮሜንዳዶሩን የሚያነበው ልጅ ከነዛ ከተበላሹት ኮፒዎች አንዱ ነው የደረሰው፣ እኔ ነኝ ማየት የነበረብኝ፣ አላየሁም። የመጀመሪያው ክፍል አልቆ ገጽ ሲገልጥ ቀጥታ ወደ ሞቱ ገባና «ቆይ፣ ገና ሠርጉን ሳልረብሽ ሞትኩ እኮ» ብሎ ቀጥ አለ። ገጽ ፍለጋ ሲጀምር ሁሉም ሲስቅ ከኋላ ድምፅ መጣ፣ ልጅቷ ናት፣ ወረቀት አልያዘችም፣ የኮሜንዳዶሩን ስንኝ አንድ በአንድ ትነግረዋለች፣ እሱ ከአፏ እየተቀበለ ይላል። እስከ ሠርጉ እንዲህ ሄድን፣ ሰውዬው የሙሽሪትን አባት፣ የከተማውን አልካልዴ (ከንቲባ በሉት)፣ በትሩን ነጥቆ በገዛ በትሩ የሚመታበት ቦታ ሲደርስ ቅንፍ ውስጥ ያለውን «በትሩን ይነጥቃል» ሁላ አስታውሳ ተናገረችው። ከዛ በኋላ እንዴት ብዬ ስጠይቃት «ታይፕ ያረኩትን እንዴት እረሳዋለሁ» አለች።

የሎፔ ዘመን ላይ እንደዚህ ያሉ ሰዎች ሥራቸው ሌብነት ነበር። ጸሐፊው ቲያትሩን ለቡድን መሪ አንዴ ከሸጠው የሱ አይደለም፣ ሎፔ ራሱ የገዛ ቲያትሮቹን ሌላ ሰው እንዳያሳትማቸው ብሎ በ1616 ተካሶ ተሸንፏል፣ ከ1617 ጀምሮ ነው ተናዶ ራሱ ማሳተም የጀመረው። ሌላው መንገድ ደሞ ቲያትር ቤት ገብቶ ሸምድዶ መውጣት ነበር። ሉዊስ ራሚሬዝ ዴ አሬያኖ የሚባል ሰውዬ አንድን ቲያትር ሦስት ጊዜ ከሰማ ሙሉውን ይወጣዋል ይባል ነበር፣ አንዴ አንድ ተዋናይ መድረክ ላይ ሆኖ ስንኙን እየቆራረጠ ሲል ሕዝቡ ጮኸበት፣ እሱም ያ ሸምዳጅ መሃላችሁ ተቀምጧል እንዴት ልበል አለ፣ ሰውዬውን እስኪያስወጡት አልቀጠለም። ቅኔ ቤት የዋለ ሰው ይሄን ሲሰማ አይደንቀውም፣ እዚህ ደሞ እኛው ነን ለምነን ከኋላ ያስነበብናት።

ሜንጎ ጋ ሲደረስ «ፉዌንቴዬ» የሚለውን ጓደኛችን ቀስ አድርጎ አላት። ከኋላ «ይእ!» ያሉት እትዬ ናቸው።

እንግዲህ ልትሄዱ ከሆነ፣ ጠዋት ሁለት ሰዓት ተኩል ይከፍታሉ፣ እሁድ ዝግ ነው፣ በዓል ሰሞንና የተማሪ ፈተና ሰሞን አትሞክሩት። ቴሌግራም ላይ ፋይል ይቀበላሉ። የተጠረዘውን እዛው ቆማችሁ ገጽ በገጽ ሳታዩ አትውጡ። ለመመረቂያ ጽሑፍ ነገ አስረክባለሁ የምትሉ ሌላ ቤት ሂዱ፣ ግጥም ያለው ነገር ከያዛችሁ ግን ከዚህ የተሻለ አላውቅም። እኛ ባለፈው ሐሙስ ቀጣዩን ወሰድንላቸው፣ የካልዴሮንን «ሕይወት ሕልም ናት»፣ የ1635፣ የፖላንድ ንጉሥ ልጁን ከተወለደ ጀምሮ ግንብ ውስጥ የዘጋበት ነው። እትዬ አሁን ግማሽ ቅድሚያ ክፍያ ካልሆነ አልቀበልም ብለዋል። ልጅቷ ደብተሩን ተቀብላ ገለጥ ገለጥ አደረገችና ከጀርባ ያሉትን አራት ገጾች አንድ ላይ በስቴፕለር ቸከለቻቸው፣ መጨረሻውን ሳትደርስበት እንዳታየው ነው አሉ።